የባሕር ጃርት

ካስትሮ ላይ ቤታችን በእንጨት እግር ይቆማል፤
ባሕሩ ሲሞላ ከወለሉ ሥር ገብቶ ያጉረመርማል፤
ሲሸሽ ደግሞ ጀልባውን ጭቃ ላይ ጥሎ ይሄዳል።
"ባሕርም አፍ አለው" ትላለች እናቴ፣
መረብ እየጠገነች። እኅቴ፣
ኢሶሊና ግን፣ አፍ እያላት ቃል አይወጣላትም፤
ምላሷን ብታዘው አይታዘዝላትም፤
እጇም እንደ ዓሣ ነው፣ ሲይዙት ያመልጣል፤
ወደ ቀኝ ስትልከው ወደ ግራ ይወጣል።

አፏ እኔ ነበርኩ። አሥራ አራት ዓመት ሙሉ
ሰዎች እሷን ትተው እኔን ይጠይቃሉ፤
"ምን አለች? ራባት ወይ? በርዷት ይሆን?" ይላሉ።
ቅንድቧን ካነሳች፣ አዎ ማለቷ ነው፤
ዓይኗን ወደ መስኮት ከጣለች፣ እምቢ ነው፤
ተረከዟን ከመታች፣ ሬዲዮኑን ዝጉት ነው።
እንዲህ እያልኩ ፈታሁ፣ እንዲህ እያልኩ አደርኩ፤
ያላለችውን እንኳ "አለች" እያልኩ ጨመርኩ።

የባሕር ጃርት ሲመጣ፣ ጥሬውን፣ ከነጨዉ፣ በሎሚ፣
ዓይኗን ጨፍና ትውጠዋለች።
"አያችሁ? ጣማት!
ስትወድ ነው እንዲህ የምትጨፍነው" እላቸዋለሁ።
ስለዚህ ዶን ኤላዲዮ፣ ባሕር ጠላቂው ጎረቤት፣
በየእሑዱ ያመጣላታል አንድ ቅርጫት፤
ጣቶቹ በብርድ ሰማያዊ ሆነው፣ እሾሁን በመቀስ እየከረከመ፣
"ለንግሥቲቱ" እያለ፣ ደጃፍ ላይ እንደቆመ።

በመጋቢት ፍሬሲያ መጣች፣ ከፖርቶ ሞንት ክሊኒክ፣
ዓይን የሚያነብ መሣሪያ በብርድ ልብስ ጠቅልላ።
ፊደል ላይ ካፈጠጥሽ ይጽፈዋል፤
ስትጨርሺ ይናገርልሻል አለቻት።
ድምፁ የማድሪድ ሴት ነው፣
ቃሉን በጥርሷ መሃል እያሾለከች የምትናገር።
ጎረቤት ሁሉ ሳቀ፦
"ኢሶሊና ሳናያት ስፔን ደርሳ መጣች!"

የመጀመሪያ ቃሏን ልንሰማ ተሰበሰብን።
እናቴ ፎጣ ይዛለች፣ ለእንባዋ።
ኤላዲዮ ቆቡን አውልቋል፤ ቅርጫቱ ከእግሩ ሥር።
እኔማ ተዘጋጅቻለሁ፦
"ወንድሜ" ትላለች ብዬ
ፊቴን አስተካክያለሁ።

አንድ ፊደል።
ዝናቡ ቆርቆሮውን ይቀጠቅጣል።
ሌላ ፊደል።
ዓይን ቢያልበው ኖሮ የሷ ያልበው ነበር።
ከዚያ የማድሪዷ ሴት፣ ጥርት አድርጋ፦

"የባሕር ጃርት አልወድም።"

ማንም አልተነፈሰም።
ቅርጫቱ ውስጥ እሾሆቹ ቀስ ብለው ይንቀሳቀሳሉ፣
የሚያዳምጡ ይመስላሉ።
እሷ አልጨረሰችም፤ እንደገና አፈጠጠች፦

"ወድጄ አላውቅም።"

ከአፍ የወጣ አፋፍ ይላሉ።
ከዓይን የወጣስ?
እኔ ደረት ላይ ነው ያረፈው።
ሰባት መቶ ሃያ ስምንት እሑድ!
ያጎረስኳት እኔ ነኝ፣
ጃርቱንም፣ ቃሉንም።
መጨፈኗ መቻሏ ነበር።

መጀመሪያ የሳቀው ኤላዲዮ ነው፣ ሆዱን ይዞ።
ከዚያ እሷ። በራሷ ሳቅ፣
ትከሻዋ፣ አንገቷ፣ ወንበሩ ጭምር የሚስቅበት፣
ተረከዟ ወለሉን እየደበደበ።
የማድሪዷ ሴት ይሄን አታውቅበትም።
(ለካ ተረከዙም ሁልጊዜ ስለ ሬዲዮ አልነበረም።)

ሰኔ ላይ ማዕበሉ የመብራት ምሰሶ ጣለ።
መሣሪያው በሦስተኛው ሰዓት ሞተ፤
ቅንድብ ቀረን፣ ፍሬሲያ የሠራችው የካርቶን ሰሌዳ ቀረን፣
አንድ ሻማ፣ የኔ ጣት በፊደሎቹ ላይ።
ኢሶሊና ዓይኗን ጨፈነች።

"እንቅልፍ ወሰዳት" ልል ነበር፤ እናቴ እየጠበቀችኝ ነበር።
ምላሴን ነከስኩ።
ሻማው አንድ ጣት ያህል እስኪያጥር ቆየሁ።
አንድ ዓይኗን ገለጠች፣ ማንቆርቆሪያውን አየች፣
ከዚያ እኔን።
"ሻይ?"
ቅንድቧ አልተነሳም።
"ታዲያ ምንድን ነው?"
ዝም ብላ ታየኛለች፤ ከንፈሯ ዳር ላይ አንድ ነገር አለ፣
ቀልድ ይሁን ንዴት አላውቅም።

ከወለሉ ሥር ባሕሩ የሆነ ነገር አለ።
እሱንም አልተረጎምኩም።
ጣቴን ወደ መጀመሪያው ፊደል መለስኩት።